የቴሌቪዥን ዳይሬክተሩ ጄምስ በሮውስ፦ ስለ ሕይወታቸውና ስለ ሥራቸው ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ጄምስ በሮውስ ማን ናቸው?

ጄምስ በሮውስ አሜሪካዊ የቴሌቪዥን ዳይሬክተር ናቸው። በስቱዲዮ ውስጥ በተመልካች ፊት የሚቀረጸውንና በተለምዶ ሲትኮም የሚባለውን አስቂኝ ተከታታይ ድራማ ለግማሽ ምዕተ ዓመት ለሚጠጋ ጊዜ ሲያዘጋጁ ኖረዋል። ስማቸውን የማያውቅ ተመልካች እንኳ ሥራቸውን ሳያውቀው አይቀርም፤ ምክንያቱም “ታክሲ”፣ “ቺርስ”፣ “ፍሬዠር”፣ “ፍሬንድስ”፣ “ዊል ኤንድ ግሬስ” እና “ዘ ቢግ ባንግ ቲየሪ” የተባሉት ድራማዎች ከመጀመሪያ ክፍሎቻቸው ጀምሮ የእሳቸው እጅ ያረፈባቸው ናቸው። ያዘጋጇቸው ክፍሎች ብዛት ከ1,000 በላይ ነው፤ በቴሌቪዥን ታሪክ እዚህ ቁጥር ላይ የደረሱ ዳይሬክተሮች እጅግ ጥቂት ናቸው።

በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የት ተወለዱ? እንዴትስ አደጉ?

በሮውስ የተወለዱት ታኅሣሥ 30 ቀን 1940 በሎስ አንጀለስ ሲሆን፣ ያደጉት ግን ኒው ዮርክ ነው። አባታቸው ኤብ በሮውስ የኒው ዮርክ ታላላቅ ቴአትር ቤቶች መንደር በሆነው በብሮድዌይ ስመ ጥር ጸሐፌ ተውኔትና አዘጋጅ ነበሩ፤ በ1950 ለመድረክ የበቃው “ጋይስ ኤንድ ዶልስ” የተባለው ሙዚቃዊ ተውኔት ከጸሐፊዎቹ አንዱ እሳቸው ናቸው፤ በ1962 ደግሞ በሌላ ሙዚቃዊ ተውኔት የፑሊትዘርን የድራማ ሽልማት ተጋርተዋል። ልጅየው እንግዲህ የተውኔት ልምምድ፣ የተሰረዘ ገጽና ከመድረክ ጀርባ የሚሰማ ሹክሹክታ በሞላበት ቤት ነው ያደጉት።

ይሁን እንጂ የታዋቂ አባት ልጅ መሆን በር የሚከፍተውን ያህል ጥላም ይጥላል። በሮውስ በኦሃዮ ከሚገኘው ኦበርሊን ኮሌጅ በ1962 ተመርቀው ወደ ዬል የድራማ ትምህርት ቤት ሲገቡ ዳይሬክተር የመሆን ቁርጥ ያለ ሐሳብ አልነበራቸውም፤ ወደ አዘጋጅነት ያዘነበሉት በዬል ሳሉ ነው። ከዚያም በ1965 ትምህርታቸውን ጨርሰው ሲወጡ ያገኟቸው የመጀመሪያ ሥራዎች አባታቸው ባሉባቸው ዝግጅቶች ውስጥ ነበሩ፤ አንዱ በአንድ የቴሌቪዥን ድራማ ላይ ተዋንያንን ቃለ ተውኔት ማስጠናት፣ ሌላው ደግሞ በብሮድዌይ ረዳት የመድረክ አስተዳዳሪነት ነበር።

ወደ ቴሌቪዥን የገቡት እንዴት ነው?

መንገዳቸው የጀመረው ከአንድ ውድቀት ነው። በ1966 ኤብ በሮውስ የጻፉትና መጀመሪያ ላይ ያዘጋጁት፣ ዝነኛዋ ተዋናይት ሜሪ ታይለር ሙር የምትሠራበት አንድ ትልቅ ሙዚቃዊ ተውኔት ለብሮድዌይ ተሰናድቶ ነበር፤ ወጣቱ በሮውስም በረዳት የመድረክ አስተዳዳሪነት ተቀጥረው ነበር። ተውኔቱ ገና ለሙከራ ሲታይ እጅግ ደካማ ሆኖ በመገኘቱ ፕሮዲዩሰሩ ዴቪድ ሜሪክ በይፋ ሳይመረቅ ዘጉት። ለባለሙያዎቹ ሁሉ የኀፍረት ጊዜ ነበር፤ ነገር ግን በዚያ መርከብ ላይ አብረው የሰጠሙ ሰዎች እርስ በርሳቸው ተዋወቁ።

ከዚያ በኋላ ያሉትን ዓመታት በሮውስ ያሳለፉት ከኒው ዮርክ ርቀው፣ ታዳሚው እራቱን እየበላ ተውኔት በሚያይባቸው አዳራሾችና ከከተማ ወደ ከተማ በሚዘዋወሩ ቡድኖች ውስጥ በማዘጋጀት ነው። እነዚህን ዓመታት ብዙ ጸሐፊዎች በአንድ ዓረፍተ ነገር ያልፏቸዋል፤ በእኔ እምነት ግን ዋናው ትምህርት ቤታቸው ይህ ነበር። ሁለት ሰዓት የሚፈጅ ተውኔት በጥቂት ቀናት ልምምድ ለመድረክ ማድረስ፣ በየምሽቱም ታዳሚው የት እንደሚስቅና የት ዝም እንደሚል በጆሮ መመዘን፣ ኋላ በቴሌቪዥን የሚጠቅማቸውን ፍጥነትና ጥንቃቄ አስተማራቸው።

አንድ ቀን የሜሪ ታይለር ሙርን የቴሌቪዥን ድራማ ሲያዩ፣ ተዋንያኑ በየሳምንቱ የሚሠሩት የግማሽ ሰዓት ተውኔት መሆኑን አስተዋሉ፤ እሳቸው በዚያው ጊዜ ውስጥ የሚያደርሱት ደግሞ የሁለት ሰዓት ተውኔት ነበር። ስለዚህ ለሙር ደብዳቤ ጻፉ። ደብዳቤው በባለቤቷና ድራማውን በሚሠራው ኩባንያ መሪ በግራንት ቲንከር እጅ ገባ፤ ቲንከርም በሮውስ ወደ ሎስ አንጀለስ መጥተው ሥራውን እያዩ እንዲማሩ ዕድል ሰጧቸው። የድራማው ዋና ዳይሬክተር ጄይ ሳንድሪች አጠገባቸው አቁመው ካሜራ ያስተማሯቸው በዚህ ጊዜ ነው። በ1974 “ዘ ሜሪ ታይለር ሙር ሾው” ላይ የመጀመሪያ ክፍላቸውን አዘጋጁ፤ ዕድሜያቸው 33 ነበር፤ ለቴሌቪዥን ጀማሪ ያን ያህል ወጣት የሚባሉ አልነበሩም።

“በተመልካች ፊት የሚቀረጽ ባለብዙ ካሜራ ድራማ” ሲባል ምን ማለት ነው?

የበሮውስን ሥራ ለመረዳት ይህን የአሠራር ዘዴ ማወቅ ግድ ነው። በሲኒማ ብዙውን ጊዜ አንድ ትዕይንት በአንድ ካሜራ፣ ከተለያየ ማዕዘን፣ ደጋግሞ ይቀረጻል፤ ተዋናዩም ተመሳሳይ ንግግር አሥር ጊዜ ሊናገር ይችላል። በባለብዙ ካሜራ አሠራር ግን ሦስት ወይም አራት ካሜራዎች በአንድ ጊዜ ይቀርጻሉ፤ ተዋንያኑም ትዕይንቱን እንደ ተውኔት ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ሳያቋርጡ ይጫወታሉ፤ ፊት ለፊታቸው ደግሞ በመቶዎች የሚቆጠር ታዳሚ በመደዳ መቀመጫዎች ላይ ተቀምጦ ይስቃል።

ይህ ዘዴ በፊልም ካሜራ ሥር እንዲሰድ ያደረገው በ1951 የተጀመረው “አይ ላቭ ሉሲ” ነው። ተዋናዩና ፕሮዲዩሰሩ ዴዚ አርናዝና የብርሃንና የካሜራ ሊቁ ካርል ፍሮይንድ፣ በሦስት የፊልም ካሜራዎች በተመልካች ፊት መቅረጽ የሚያስችል የመብራት አደራረግ አበጁ። ድራማው በፊልም በመቀረጹ ምክንያት ለዓመታት ደግሞ ደጋግሞ ሊታይ ቻለ፤ ሲትኮም በድጋሚ ዕይታ ገንዘብ የሚያስገኝ ዘርፍ የሆነውም ከዚያ ወዲህ ነው።

አንድ ክፍል በስንት ቀን ይዘጋጃል? የዳይሬክተሩስ ድርሻ ምንድን ነው?

በተለመደው አሠራር አንድ ክፍል አምስት የሥራ ቀናት ይወስዳል። በመጀመሪያው ቀን ተዋንያኑ፣ ደራሲዎቹና የጣቢያው ተጠሪዎች በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ ተቀምጠው ስክሪፕቱ ጮክ ተብሎ ይነበባል። በዚያ ንባብ ላይ ያላሳቀ ቀልድ ዕድሜው አጭር ነው። በሁለተኛውና በሦስተኛው ቀን ዳይሬክተሩ ከተዋንያኑ ጋር ብቻቸውን ሆነው እንቅስቃሴውን ያዋቅራሉ፤ ማን በየትኛው በር እንደሚገባ፣ ማን የት እንደሚቀመጥ፣ ብርጭቆው መቼ ጠረጴዛ ላይ እንደሚያርፍ ይወሰናል። ቀኑ ሲያልቅ ደራሲዎቹ መጥተው ልምምዱን ያያሉ፤ ከዚያም ሌሊቱን ስክሪፕቱን ሲያሻሽሉ ያድራሉ፤ ተዋናዩ ትናንት ያጠናው ንግግር ጠዋት ሲመጣ ተለውጦ ሊጠብቀው ይችላል።

በአራተኛው ቀን ካሜራዎቹ ይገባሉ። እያንዳንዱ የካሜራ ባለሙያ በእያንዳንዱ ንግግር ላይ ቦታው የት እንደሆነና ማንን እንደሚይዝ ይመደብለታል፤ ወለሉም በምልክት ይሞላል። በአምስተኛው ቀን ምሽት ታዳሚው ይገባል፤ ክፍሉም ይቀረጻል። ለቀረጻ አንድ ምሽት ይበቃል፤ በእርግጥ አንዳንድ ትዕይንቶች ሁለተኛ ጊዜ ይሠራሉ፤ በሁለቱ መካከልም ደራሲዎቹ ተሰብስበው ያልሠራውን ቀልድ እዚያው ቆመው በሌላ ይተኩታል።

ከዚህ ሁሉ የሚገኘው ወደ 22 ደቂቃ የሚጠጋ ድራማ ነው። በሚቀጥለው ሳምንት ሁሉም ነገር እንደገና ይጀመራል።

በሮውስ “በጆሮ የሚያዘጋጁ” ዳይሬክተር ይባላሉ፤ ይህ ምን ማለት ነው?

በቀረጻ ምሽት ብዙ ዳይሬክተሮች ዓይናቸውን ከሞኒተሮቹ ላይ አይነቅሉም። በሮውስ ግን ከካሜራዎቹ ጀርባ ወዲያና ወዲህ እየተራመዱ፣ አንገታቸውን ደፍተው ያዳምጣሉ። ምስሉን አራተኛው ቀን ላይ ጨርሰውታል፤ የካሜራ አስተባባሪውና ባለሙያዎቹም ሥራቸውን ያውቃሉ። በቀረጻው ሰዓት የሚቀረው ምቱ ብቻ ነው፤ ንግግሩ ፈጥኖ እንደሆነ፣ ዝምታው አጥሮ እንደሆነ፣ ተዋናዩ ሳቁ እስኪበርድ ጠብቆ እንደሆነ የሚታወቀውም በጆሮ ነው።

ይህ የዘፈቀደ ልማድ አይደለም፤ የአስቂኝ ድራማ ጠባይ ራሱ የሚጠይቀው ነው። ቀልድ በአንድ ቃል መርዘም ሊሞት ይችላል፤ ሳቅ በወጣበት ቅጽበት ቀጣዩ ተናጋሪ አፉን ከከፈተ ንግግሩ ይዋጣል፤ ብዙ ከቆየ ደግሞ ግለቱ ይቀዘቅዛል። ለዚህ ሚዛን ከታዳሚው የተሻለ መሣሪያ የለም፤ በሮውስም ታዳሚውን እንደ አንድ ተጨማሪ ተዋናይ ነው የሚቆጥሩት።

እዚህ ላይ ስለ ቋንቋችን አንድ ነገር ማከል እወዳለሁ። በአማርኛ የተውኔቱን መሪ “አዘጋጅ”፣ የቴሌቪዥኑንና የፊልሙን መሪ ደግሞ ብዙውን ጊዜ “ዳይሬክተር” እንላለን። ለበሮውስ ሁለተኛው የሥራ መጠሪያቸው ቢሆንም፣ የሚሠሩትን በትክክል የሚገልጸው የመጀመሪያው ነው። እሳቸው ቴሌቪዥንን የያዙት በየሳምንቱ አዲስ ተውኔት እንደሚያወጣ ቴአትር ቤት ነው፤ ካሜራው እንግዳ ሆኖ የሚገባው ተውኔቱ በእግሩ ከቆመ በኋላ ነው።

“ታክሲ” በሥራ ሕይወታቸው ምን ቦታ አለው?

በ1978 የተጀመረው “ታክሲ” በሮውስ የአንድ ድራማ ቋሚ ዳይሬክተር የሆኑበት የመጀመሪያው ትልቅ ሥራ ነው፤ 75 ክፍሎችን አዘጋጅተዋል። ድራማው የሚካሄደው በኒው ዮርክ አንድ የታክሲ ጋራዥ ውስጥ ስለነበር መቼቱ ከተለመደው ሳሎን ይልቅ እጅግ ሰፊና ጥልቅ ነበር፤ ተዋንያኑም ብዙ ነበሩ። ሦስት ካሜራዎች ያን ሁሉ መሸፈን ስላልቻሉ በሮውስ አራተኛ ካሜራ ጨመሩ። ከዚያ በኋላ በሠሯቸው ድራማዎችም አራት ካሜራ ልማዳቸው ሆነ። በዚህ ሥራ የአሜሪካ ቴሌቪዥን ከፍተኛ ሽልማት የሆነውን ኤሚን በዳይሬክተርነት ሁለት ጊዜ አግኝተዋል።

“ታክሲ” ሌላም ነገር ሰጥቷቸዋል፤ ከወንድማማቾቹ ደራሲዎች ከግሌንና ከሌስ ቻርልስ ጋር ያላቸው ወዳጅነት የጠነከረው እዚያ ነው።

“ቺርስ” እንዴት ተፈጠረ? በመጀመሪያው ዓመት ሊቋረጥ ነበር የሚባለውስ እውነት ነውን?

እውነት ነው። በሮውስና ሁለቱ ቻርልሶች በስማቸው የራሳቸውን ኩባንያ አቋቁመው በቦስተን ከተማ በሚገኝ አንድ መጠጥ ቤት ውስጥ የሚካሄድ ድራማ ፈጠሩ። የመጠጥ ቤቱ ባለቤት አልኮል ያቆመ የቀድሞ የቤዝቦል ተጫዋች ነው፤ ተቃራኒው ደግሞ ብዙ ያነበበች፣ ከዚያ ቦታ ጋር ፈጽሞ የማትሄድ አስተናጋጅ ናት። ሁለቱን ገጸ ባሕርያት ቴድ ዳንሰንና ሼሊ ሎንግ ተጫወቷቸው። የመጀመሪያው ክፍል በኤንቢሲ ጣቢያ የተላለፈው መስከረም 30 ቀን 1982 ነበር።

ሐያስያን ወደዱት፤ ተመልካች ግን አልመጣም። በመጀመሪያው ዓመት የተመልካች ደረጃው ከሁሉም ድራማዎች ግርጌ አካባቢ ነበር። በዚያ ዘመን እንዲህ ያለ ውጤት ያመጣ ድራማ በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ከፕሮግራም ይወጣል። በዚያን ጊዜ የኤንቢሲ ሊቀ መንበር የነበሩት ግን እነዚያው የበሮውስን ደብዳቤ የተቀበሉት ግራንት ቲንከር ነበሩ። ቲንከር ጥሩ ድራማ ተመልካቹን እስኪያገኝ ጊዜ ይሰጠው የሚል አቋም ነበራቸው፤ ጣቢያውም በዚያን ወቅት በራሱ ወደ ኋላ የቀረ ስለነበር በቦታው የሚያስገባው የተሻለ ነገር አልነበረውም። የመታገሡ ምክንያት ጥበብ ብቻ እንዳልነበር መናገሩ ተገቢ ነው፤ ችግርም ረድቷል።

ድራማው 11 ዓመታት ቆየ። የመጨረሻው ክፍል ግንቦት 20 ቀን 1993 ሲተላለፍ ከአሜሪካ ቴሌቪዥን ታላላቅ ምሽቶች አንዱ ሆነ፤ ያዘጋጁትም በሮውስ ነበሩ። ከድራማው ክፍሎች ከ230 በላይ የሚሆኑት የእሳቸው ሥራዎች ናቸው።

በዚያ መጠጥ ቤት ውስጥ የዳይሬክተሩን እጅ ለማየት የሚፈልግ ሰው ከባንኮኒው ጀርባና ፊት ያለውን እንቅስቃሴ ቢያስተውል ይበቃዋል። ባንኮኒው መቼቱን ለሁለት ይከፍላል፤ ደንበኞቹ አብዛኛውን ጊዜ ተቀምጠው ነው የሚናገሩት። የተቀመጠ ሰው ደግሞ በቀላሉ ትዕይንትን ያፈዝዛል። በሮውስ ይህን የሚፈቱት ከበስተጀርባ ሁልጊዜ የሚንቀሳቀስ ሕይወት በማኖርና የሰዎቹን መግባትና መውጣት ልክ እንደ ተውኔት በመጠቀም ነው፤ ኖርም የተባለው ደንበኛ በሩን ከፍቶ በገባ ቁጥር ቤቱ ሁሉ ስሙን የሚጠራበት ልማድ ለዚህ ዓይነተኛ ምሳሌ ነው።

በድራማዎቹ የሚሰማው ሳቅ ሰው ሠራሽ ነውን?

በዋናነት አይደለም። ሳቁ በአዳራሹ ከተቀመጠው ታዳሚ የሚመጣ ነው፤ በ“ቺርስ” መጀመሪያ ላይ ከተዋንያኑ አንዱ ድራማው በስቱዲዮ ታዳሚ ፊት መቀረጹን የሚናገርበት ድምፅ የገባውም ተመልካቾች ይህንኑ ስለሚጠራጠሩ ነው። በአርትዖት ጊዜ የሳቁን መጠን ማስተካከልና ሁለት ቅጂዎችን ማገጣጠም በዘርፉ የተለመደ ነው።

የአዳዲስ ድራማዎችን የመጀመሪያ ክፍል እንዲያዘጋጁ አዘውትረው የሚጠሩት ለምንድን ነው?

የመጀመሪያው ክፍል፣ በሙያው አጠራር “ፓይለት”፣ ለጣቢያው የሚቀርብ ናሙና ነው፤ ጣቢያው ድራማውን ለመግዛት ወይም ላለመግዛት የሚወስነው ያንን አይቶ ነው። በሮውስ ተከታታይ ሆነው የተላለፉ ከ50 በላይ ድራማዎችን የመጀመሪያ ክፍል አዘጋጅተዋል፤ ከእነዚህም መካከል በ1993 “ፍሬዠር”፣ በ1994 “ፍሬንድስ”፣ በ1998 “ዊል ኤንድ ግሬስ”፣ በ2003 “ቱ ኤንድ ኤ ሃፍ ሜን”፣ በ2007 “ዘ ቢግ ባንግ ቲየሪ” ይገኛሉ።

የመጀመሪያ ክፍል ከሌሎቹ ሁሉ የሚከብድበት ምክንያት አለው። ተመልካቹ ከማያውቃቸው አምስት ወይም ስድስት ሰዎች ጋር በ22 ደቂቃ ውስጥ መተዋወቅ፣ እርስ በርሳቸው ያላቸውን ዝምድና መረዳት፣ በዚህም ላይ መሳቅ አለበት። ተዋንያኑ ራሳቸው የተገናኙት ምናልባት ከሳምንት በፊት ነው፤ ተመልካቹ ግን ለዓመታት የሚተዋወቁ ጓደኛሞች ናቸው ብሎ ማመን ይኖርበታል። በሮውስ የታወቁት ይህን መተማመን በጥቂት ቀናት ውስጥ በመፍጠር ነው። ተዋናዩ የራሱን ሐሳብ ይዞ እንዲመጣ ያበረታታሉ፤ ተዋንያኑ ከቀረጻ ውጪም አብረው እንዲሆኑ ይገፋፋሉ። ይህ ለጋስነት ብቻ ሳይሆን የሥራ ስልት ነው፤ ምክንያቱም ካሜራ የሰዎችን መቀራረብና መራራቅ ከማንም ቀድሞ ያሳያል።

የ“ፍሬንድስ” ተዋንያንን ወደ ላስ ቬጋስ የወሰዱበት ታሪክ እውነት ነውን?

አዎን፤ በሮውስም ተዋንያኑም ደጋግመው ተናግረውታል። ድራማው በመስከረም ወር 1994 መተላለፍ ከመጀመሩ በፊት ስድስቱን ወጣት ተዋንያን በአውሮፕላን ወደ ላስ ቬጋስ ወስደው እራት ጋበዟቸው፤ ከእንግዲህ በኋላ ማንም ሳያውቃቸው አብረው የሚወጡበት የመጨረሻ ምሽት ይህ እንደሆነም ነገሯቸው። ከዚያም ቁማር እንዲሞክሩ ገንዘብ አበደሯቸው፤ ተዋንያኑ በጊዜው ያን ያህል ገንዘብ ስላልነበራቸው ለዳይሬክተሩ ቼክ ጻፉላቸው። ጥቂት ዓመታት ሳይቆዩ እነዚያው ስድስት ሰዎች በቴሌቪዥን ከፍተኛውን ክፍያ ከሚያገኙ ተዋንያን ተርታ ተሰልፈዋል።

ለእኔ ከትንቢቱ ይልቅ የሚያስገርመኝ የመመዘን ችሎታው ነው። በሮውስ ከስድስቱ ጋር ጥቂት ቀናት ሠርተው፣ ታዳሚው ለእነሱ የሰጠውን ምላሽ ሰምተው ነበር። በዚያ ላይ ተመሥርተው ነው የተናገሩት። ከዚያ በኋላ ካዘጋጇቸው የ“ፍሬንድስ” ክፍሎች ጋር በጠቅላላው 15 ክፍሎች ሠርተዋል፤ የቀረውን ለሌሎች ዳይሬክተሮች ትተውታል።

የቴሌቪዥን ዳይሬክተር ሥልጣን ከሲኒማ ዳይሬክተር ሥልጣን ጋር እኩል ነውን?

አይደለም፤ ይህ ልዩነት ብዙ ጊዜ ይዘነጋል። በሲኒማ ዳይሬክተሩ የፊልሙ ባለቤት ተደርጎ ይቆጠራል። በአሜሪካ ተከታታይ ድራማ ግን የመጨረሻውን ቃል የሚናገረው ድራማውን የፈጠረው ደራሲና ዋና ፕሮዲዩሰር ነው፤ ዳይሬክተሩ ብዙውን ጊዜ ለአንድ ወይም ለሁለት ሳምንት የተጋበዘ እንግዳ ነው፤ መቼቱን፣ ተዋንያኑንና የድራማውን ጠባይ ተዘጋጅቶ ያገኘዋል። ስለዚህ የቴሌቪዥን ዳይሬክተር ከሚያስፈልጉት ችሎታዎች አንዱ በሌላ ሰው ቤት ውስጥ የራስን ሥራ በትሕትና ግን በጥንካሬ መሥራት ነው።

በሮውስ ከዚህ ሕግ በከፊል ወጥተዋል። በ“ቺርስ” ፈጣሪና ፕሮዲዩሰር ስለነበሩ ቤቱ የራሳቸው ነበር፤ በመጀመሪያ ክፍሎች ላይ ደግሞ ቤቱን ከመሠረቱ የሚያቆሙት እሳቸው ስለሆኑ ቃላቸው ክብደት ነበረው። ያም ሆኖ ግን ራሳቸውን ከደራሲው በላይ አድርገው አያቀርቡም፤ ስክሪፕቱ ደካማ ከሆነ ዳይሬክተር ብቻውን የሚያድነው ነገር እንደሌለ የሚያምኑ ሰው ናቸው።

የሲኒማ ፊልም አዘጋጅተዋልን?

“ቺርስ” በተጀመረበት በዚያው በ1982 ራያን ኦኒልና ጆን ኸርት የሚጫወቱበት አንድ አስቂኝ ፊልም አዘጋጅተው ነበር፤ አልተሳካም፤ ወደ ዘርፉም አልተመለሱም። ወደ መድረክ ግን ተመልሰዋል፤ በ1998 በቺካጎ ስቴፐንዎልፍ ቴአትር ቤት፣ በ“ፍሬዠር” አባት ሆነው የሚታወቁት ጆን ማሆኒ የተጫወቱበትን ተውኔት አዘጋጅተዋል።

“ዊል ኤንድ ግሬስ”ን ሙሉ በሙሉ ያዘጋጁት እሳቸው ናቸው መባሉስ?

ትክክል ነው። ድራማው በ1998 ተጀምሮ በ2006 ተቋረጠ፤ ከዚያም በ2017 ተመልሶ እስከ 2020 ቀጠለ፤ በሁለቱም ዘመናት የተሠሩት 246 ክፍሎች በሙሉ የተዘጋጁት በበሮውስ ነው። በአሜሪካ ቴሌቪዥን ይህን ያህል ርዝማኔ ያለው ድራማ በአንድ ዳይሬክተር እጅ ብቻ ሲሠራ ማየት እጅግ ያልተለመደ ነው፤ ምክንያቱም አንድ ሰው ሳምንት ከሳምንት ሳያርፍ መቀጠሉ አድካሚ ስለሆነ ድራማዎች ብዙውን ጊዜ ዳይሬክተሮችን ያፈራርቃሉ። ጥቅሙ በተዋንያኑ ላይ ይታያል፤ አራቱ ዋና ተዋንያን ከዳይሬክተሩ ጋር ቃል ሳይለዋወጡ የሚግባቡበት ደረጃ ላይ ደርሰው ስለነበር፣ ድራማው ከሌሎቹ የፈጠነ ምትና የደፈረ አካላዊ ቀልድ ሊሸከም ችሏል።

ምን ምን ሽልማት አግኝተዋል?

በዳይሬክተርነት አምስት የኤሚ ሽልማቶችን የተቀበሉ ሲሆን፣ ሁለቱ በ“ታክሲ”፣ ሁለቱ በ“ቺርስ”፣ አንዱ በ“ፍሬዠር” የተገኙ ናቸው፤ በፕሮዲዩሰርነት ያገኟቸው ሲደመሩ ከአሥር ያላነሱ ይሆናሉ። በ2015 የአሜሪካ ዳይሬክተሮች ማኅበር በቴሌቪዥን ዘርፍ የሚሰጠውን የዕድሜ ልክ የክብር ሽልማት አበርክቶላቸዋል። በየካቲት 2016 ደግሞ 1,000ኛ ክፍላቸውን ምክንያት በማድረግ ኤንቢሲ የ“ቺርስ”፣ የ“ፍሬንድስ”ና የሌሎች ድራማዎችን ተዋንያን ሰብስቦ ልዩ ዝግጅት አስተላልፏል።

በሥራቸው ላይ የሚሰነዘር ትችት አለን?

አለ፤ ፍሬ ነገርም አለው። የመጀመሪያው ትችት ምስሉን ይመለከታል። የበሮውስ ድራማዎች በአብዛኛው ሶፋና በር ባለበት አንድ ክፍል ውስጥ የሚካሄዱ፣ ብርሃናቸው ደማቅና እኩል የሆነ፣ ካሜራቸውም ራሱን የማያሳይ ነው፤ በሥዕላዊ ውበት የሚማረክ ተመልካች ብዙ የሚያተርፈው ነገር የለም። ከ2000 ወዲህ ታዳሚ በሌለበት፣ በአንድ ካሜራ፣ በእውነተኛ ሥፍራዎች የሚቀረጹ አስቂኝ ድራማዎች ሲበዙ ይህ አሠራር ያረጀ መሰለ። ሁለተኛው ትችት ዘርፉ ራሱ ሁሉን ነገር በሳቅ የማለስለስ ዝንባሌ አለው የሚል ነው።

የመጀመሪያውን ትችት እቀበለዋለሁ፤ ነገር ግን ምርጫ እንጂ ጉድለት አይመስለኝም። ካሜራው ራሱን ቢያሳይ ኖሮ ታዳሚው ተዋናዩን ማየት ያቆም ነበር። ሁለተኛው ግን ለደካማዎቹ ድራማዎች እንጂ ለ“ታክሲ” ወይም ለ“ቺርስ” አይሠራም፤ በእነዚህ ውስጥ ሳቁ ጸጥ ብሎ ሰው ብቻውን የሚቀርባቸው ትዕይንቶች ጥቂት አይደሉም። የ“ቺርስ” የመጨረሻ ትዕይንት የሚያልቀው በቀልድ አይደለም፤ የመጠጥ ቤቱ ባለቤት በተዘጋው ቤቱ ውስጥ ብቻውን ሲቀር ነው።

በእርጅና ዘመናቸውም ሠርተዋልን?

ሠርተዋል። ግንቦት 22 ቀን 2019፣ በ78 ዓመታቸው፣ በ1970ዎቹ የታዩ ሁለት ዝነኛ ድራማዎች በአዲስ ተዋንያን በኤቢሲ ጣቢያ በቀጥታ ሲተላለፉ ከአዘጋጆቹ አንዱ ነበሩ። ቀጥታ ሥርጭት መድገሚያ የለውም፤ የተሳሳተ ቃል እንደወጣ ይቀራል። በመድረክ ላደገ ሰው ግን ይህ ከስጋት ይልቅ ወደ ለመዱት ቦታ መመለስ ነበር። በ2022 ደግሞ የሥራ ዘመን ትዝታዎቻቸውን በመጽሐፍ አሳትመዋል።

በ2023 “ፍሬዠር” በአዲስ መልክ ተመልሶ ሲመጣ የመጀመሪያዎቹን ሁለት ክፍሎች ያዘጋጁት እሳቸው ናቸው። ኬልሲ ግራመር የሚጫወተው ይህ ገጸ ባሕርይ ለመጀመሪያ ጊዜ የታየው በ1984፣ በቦስተኑ መጠጥ ቤት፣ በበሮውስ አዘጋጅነት ነበር፤ በ1993 የራሱን ድራማ ይዞ ወደ ሲያትል ሲዛወርም ያቋቋሙት እሳቸው ነበሩ። በአዲሱ ድራማ ፍሬዠር ሸምግሎ፣ አባቱን ቀብሮ፣ እንደገና ወደ ቦስተን ይመለሳል፤ በሮውስም የ82 ዓመት ሰው ሆነው ከካሜራዎቹ ጀርባ ነበሩ።